በድሮ ቀረጻ የሚታየው ሰው ስሙ የት ገባ?

ባለፈው ሰሞን እዚህ መድረክ ላይ አንድ ሐሳብ ጽፌ ነበር። ሃያ ሁለት መልስ መጣበት። የምልልሱ ክር ስለረዘመ አዲስ የሚገባ ሰው መያዣ መጨበጫው ይጠፋዋል። ስለዚህ መጀመሪያ የጻፍኩትን እንዳለ አስቀምጬ፣ የመጡትን መልሶች በየተራቸው ልተርክላችሁ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

መነሻው

ዶክመንተሪ ሲያልቅ የሚወርደውን የስም ዝርዝር እስከ መጨረሻው ነው የማየው። ድምፅ ያስተካከለው አለ። ሾፌሩ አለ። ሒሳብ የያዘችው አለች። የድሮውን ቀረጻ የሰጠው ቤተ መዛግብትም ስሙ አለ። በዚያ ቀረጻ ውስጥ ያለው ሰው ግን የለም። ከሰልፉ መሀል ዞር ብላ ካሜራውን ያየችው ሴት የለችም። ቃሬዛ የተሸከመው ወታደር የለም። ፊልሙን ሳይ ልቤን የነኩት ግን እነሱ ነበሩ።

ሰውየው ዝነኛ ከሆነ ነገሩ ይለያል። የፊልሞችንና የተሳታፊዎቻቸውን ዝርዝር የሚይዘውን ድረ ገጽ አይኤምዲቢን ብትከፍቱ ከሞተ ስንት ዘመን ያለፈው መሪ እንኳ በአዲስ ፊልም ውስጥ እንደታየ ተመዝግቦ ታገኙታላችሁ። ምስሉ ከማኅደር የተወሰደ መሆኑ ከጎኑ በቅንፍ ይጻፋል። በመንገድ ሲያልፍ የተቀረጸ ተራ ሰው ግን እንኳን ስም ቅንፍም የለው።

ሐሳቤ ይኸው ነው። የድሮ ቀረጻ የሚጠቀም ፊልም ሠሪ የሚያሳየው ሰው ማን እንደነበር የመፈለግ ግዴታ አለበት። ካገኘ ስሙን ይጻፍ። ካጣም ፈልጎ ማጣቱን ይጻፍ። በአንደኛው የዓለም ጦርነት መሀል፣ በ1916 የወጣውን የሶም ጦርነት ፊልም እናስብ። የእንግሊዝ ወታደሮች ከምሽጉ ዘለው ሲወጡ አንዱ ገና ከአፋፉ ሳያልፍ ተንሸራቶ ይቀራል። ከመቶ ዓመት በላይ በየዶክመንተሪው ሲሞት አይተነዋል። ማን ነበር ብሎ የጠየቀ ግን አላጋጠመኝም። ተሳስቻለሁ?

መልሶቹ

1. ትሑት መልስ ነው። ጸሐፊው ካመሰገነኝ በኋላ አንድ ነገር ያክላል። የካሜራማኑ ስምም ብዙ ጊዜ ጠፍቷል ይላል። ያየውም የታየውም አብረው ነው የጠፉት። ይህችን ከዚያ በፊት አስቤያት አላውቅም ነበር።

2. የሁለተኛው ባለቤት በሙያው ኤዲተር ነው። ስሙ የሚጠፋው ፊልሙ ላይ ሳይሆን ካርዱ ላይ ነው ይላል። የዜና ካሜራማን ድሮ ከፊልሙ ጣሳ ጋር ማስታወሻ ወረቀት ይልክ ነበር። የት እንደቀረጸ፣ መቼ፣ አንዳንዴም ማንን። ፊልሙ ማኅደር ሲገባ አንድ ሠራተኛ ያንን ወረቀት አሳጥሮ ወደ ካርድ ይገለብጠዋል። ሕዝብ፣ ገበያ፣ የምታለቅስ ሴት። ከዚያ በኋላ ዓለም የሚያውቀው ካርዱን ብቻ ነው። ኤዲተሩ የሚፈልገውም በዚያው ቃል ነው። የምታለቅስ ሴት ብሎ ይጽፋል፣ የምታለቅስ ሴት ይመጣለታል። የየት አገር፣ ለማን እንዳለቀሰች ሳይጠይቅ የሚቆርጥ ባልደረባ እንዳለው አልደበቀም። እሱም ራሱ በሥራ ጥድፊያ አድርጎታል። ይህን በግልጽ መጻፉን አከበርኩለት።

3. እዚህ ላይ ታረምኩ። ሦስተኛው መልስ ሰላምታም የለው፣ ቀጥታ ወደ ጉዳዩ ነው የገባው። እኔ በምሳሌነት ያመጣሁት የምሽግ ትዕይንት እውነተኛ ውጊያ አይደለም። ከግንባሩ ኋላ በማሠልጠኛ ቦታ ሆን ተብሎ የተቀናበረ ነው። ተንሸራቶ የቀረው ወታደር የዚያን ጊዜ አልሞተም፤ ሞቶ እንዲታይ የታዘዘ ነው። የጦርነት ታሪክ አጥኚዎች ይህን ካረጋገጡ ቆይተዋል። ጸሐፊው ምሳሌ ከመስጠቴ በፊት ማንበብ እንደነበረብኝ ይነግረኛል። ቃሉ ይቆረቁራል፣ ግን እውነቱን ነው። ለስንት ዓመት ለዚያ ሰው አዝኜለታለሁ።

4. አራተኛው ሦስተኛውን ይደግፍና ያስተካክለዋል። የዚያ ፊልም አብዛኛው ክፍል እውነተኛ ነው ይላል። ከሁሉ የሚታወቀው አንድ ወታደር የቆሰለ ጓዱን በትከሻው አዝሎ በምሽጉ ውስጥ ወደ ካሜራው ሲመጣ ያለው ነው። ዓይኑ ካሜራው ላይ ያርፋል፣ ከዚያ ያልፋል። ያ ሰው ማን ነው ለሚለው ጥያቄ ባለፉት ዓመታት ከ100 በላይ የተለያየ ስም ተሰጥቷል። አባቴ ነው ያለ አለ፣ አያቴ ነው ያለ አለ። ሁሉም በቅንነት ነው። እስካሁን ግን በእርግጠኝነት አልታወቀም። ስለዚህ የጠየቀ የለም ማለቴ ስሕተት ነው። ብዙ ሰው ጠይቋል። የቸገረው ጠያቂ ሳይሆን አንድ መልስ ነው።

5. ይህን መልስ ሦስት ጊዜ አንብቤዋለሁ። በ1944 በኔዘርላንድስ፣ በቬስተርቦርክ መሸጋገሪያ ካምፕ ስለተቀረጸ ፊልም ነው። ቀራጩ ሩዶልፍ ብሬስላወር ራሱ እስረኛ ነበር። ያስቀረጸው የካምፑ አዛዥ ነው። ባቡሩ ናዚዎች እስረኛ ወደሚገድሉበት ካምፕ፣ ወደ አውሽዊትዝ ሊነሳ ሲል አንዲት ልጅ ራሷን በሻሽ ሸፍና በፉርጎው በር ክፍተት ብቅ ትላለች። ጥቂት ሰከንድ ነው። ከጦርነቱ በኋላ ስለ አይሁዳውያን እልቂት የተሠራ ብዙ ዶክመንተሪ ያችን ልጅ ያሳያል። ለሃምሳ ዓመት ያህል አይሁዳዊት ልጅ ተብላ ብቻ ኖረች።

ከዚያ አንድ የኔዘርላንድስ ጋዜጠኛ ስሟን መፈለግ ጀመረ። ያገኘው በ1994 ነው። ሴቴላ ሽታይንባክ ትባላለች። አይሁዳዊት አልነበረችም፤ ሲንቲ ነበረች፣ ጂፕሲ እየተባሉ ከሚጠሩት ወገን። ዕድሜዋ 9 ዓመት ነበር። አውሽዊትዝ ተገደለች። ባቡሩ የተቀረጸበት ቀን ሜይ 19 መሆኑ የታወቀው ደግሞ በጋሪ ስትገፋ በምትታይ በአንዲት ታማሚ ሻንጣ ላይ ስምና የልደት ቀን ተጽፎ ስለነበር ነው።

የመልሱ ጸሐፊ ከዚህ በኋላ የሚጨምረው ትንሽ ነው። ስሟ ባይፈለግ ኖሮ የጠፋው የአንዲት ልጅ ስም ብቻ እንዳልነበረ፣ ወገኖቿ የተገደሉበት ታሪክም በዚያው ምስል ሥር እንደተሸፈነ ይቀር እንደነበር ይናገራል። እኔ ልል የፈለግኩትን ከእኔ አሳምሮ የተናገረው እሱ ነው።

6. አንዲት ሴት የራሷን ጉዳይ ጻፈች። ስለ አንድ የሥራ ማቆም አድማ የተሠራ ዶክመንተሪ እያየች ነበር። ከፋብሪካ በር ላይ የቆሙ ሰዎች ታዩ፣ ከመካከላቸው አባቷ። አባቷ ከሞተ ቆይቷል። ቤት ውስጥ ያሉት ፎቶዎቹ ሁሉ ለፎቶ የተዘጋጀባቸው ናቸው። ሲንቀሳቀስ አይታው አታውቅም ነበር ከሞተ ወዲህ። በፊልሙ ላይ ኮፍያውን አውልቆ ግንባሩን በክንዱ ይጠርጋል። አራት ሰከንድ ትሆናለች። ወደኋላ እየመለሰች እስኪነጋ አየችው። ለፊልሙ ሠሪዎች ጻፈች። መልስ የለም። ድጋሚ ጻፈች፣ ምስሉን የምትፈልግ ከሆነ በሰከንድ ሒሳብ መክፈል እንዳለባት የሚገልጽ ደብዳቤ መጣላት። ድርጅቱን በስም አልጠራችም፣ እኔም አልጠይቃትም።

7. በሰባተኛው መልስ ብዙ እዝነት አለ። ጸሐፊው ያቺን ሴት ካጽናናት በኋላ በ1969 በኒው ዮርክ፣ በሃርለም ሰፈር ስለተደረገው የሙዚቃ ፌስቲቫል ይነግራታል። ቀረጻው ሃምሳ ዓመት ያህል ተቀምጦ ቆይቶ በ2021 ፊልም ሆኖ ወጣ። በፊልሙ ውስጥ አንድ ሰው ልጅ ሆኖ የተገኘበትን ያንን ፌስቲቫል እንደገና ሲያይ ዓይኑ እንባ ያቀራል። ትዝታው እውነት መሆኑን ማስረጃ አገኘለት። ሴትየዋ ያየችው ነገር ከንቱ እንዳልሆነ ሊነግራት ነው የፈለገው።

8. ስምንተኛው ሕግ ያመጣል። የቀረጻው ባለቤት ቀራጩ ወይም ቀጣሪው ነው። የተቀረጸው ሰው በአብዛኛው አገር በቅጂ መብቱ ላይ ምንም ድርሻ የለውም። ሁለት ምሳሌ ይሰጣል። የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ኬኔዲ በ1963 ሲገደል በግል ካሜራ የተቀረጸችው ፊልም 26 ሰከንድ ያህል ናት። የአሜሪካ መንግሥት ለቀራጩ ወራሾች እንዲከፍል በ1999 የተወሰነው 16 ሚሊዮን ዶላር ነው። በዚያች ፊልም ላይ ሻሽ ያሰረች፣ እሷም ካሜራ የያዘች የምትመስል ሴት ትታያለች። ማን እንደሆነች እስካሁን በእርግጥ አልታወቀም። ገንዘቡም ሻሽ ያሰረችውም ሴት በአንድ ፊልም ውስጥ ናቸው።

ሁለተኛው ምሳሌ በ1987 ስለ ጥቁር አሜሪካውያን የመብት ትግል የወጣው ተከታታይ ዶክመንተሪ ነው። የምስልና የዘፈን ፈቃዱ ለተወሰነ ጊዜ ብቻ ነበር የተገዛው። ጊዜው ሲያልፍ ተከታታዩ በቴሌቪዥን መታየት አቆመ። ፈቃዱ ተሰብስቦና ተከፍሎበት እንደገና የታየው በ2006 ነው። በእነዚያ ቀረጻዎች ውስጥ ውሻ የተለቀቀባቸው፣ በውኃ ግፊት የተገፉ ሰዎች አሉ። የእነሱ ምስል ለዓመታት ከቴሌቪዥን የጠፋው እነሱ እምቢ ስላሉ አልነበረም።

9 እና 10. ሁለት ሰዎች የዘፈን ፈቃድ ስለሚያስወጣው ወጪ ተከራከሩ። አንዱ ፊልም ሠሪ ነው፣ ሌላው ሙዚቀኛ። ለራሳቸው የሚጠቅም ክርክር ነው፣ ሌላ ክር ቢከፍቱለት ደስ ይለኛል። እዚህ አላበዛውም።

11. የፊልም ታሪክ ወዳጅ ነው። የሶቪየት ፊልም ሠሪዋን ኤስፊር ሹብን አመጣ። በ1927 የሩሲያ ንጉሣውያንን ውድቀት የሚያሳይ ፊልም ስትሠራ ካሜራ አልያዘችም። የተጠቀመችው ሌሎች የቀረጹትን፣ የንጉሡ ቤተሰብ ለራሱ ያስቀረጸውን ጭምር ነው። ንጉሡ ለክብሩ ያስቀረጸው ሰልፍ ከገበሬው ድካም ጎን ሲቀመጥ መክሰሻው ሆነ። የጸሐፊው ነጥብ እንዲህ ነው። በድሮ ቀረጻ የሚታይ ሰው ካሜራው ፊት ሲቆም ለምን እንደቆመ ያውቃል፤ ከአሥር ዓመት በኋላ ለምን እንደሚውል ግን አያውቅም። ለንጉሥ ይህ ቢሆን ብዙ አያሳዝንም ይሆናል። ከኋላው የቆመው ፈረስ ጠባቂስ? እሱም አብሮ ነው የተከሰሰው።

12. እስከዚህ ድረስ ጨዋታው በሰላም ነበር። አሥራ ሁለተኛው ጠንካራ ተቃውሞ ይዞ መጣ። በ1944 ፈረንሳይ ነፃ ስትወጣ ከጀርመኖች ጋር ወዳጅነት ነበራቸው የተባሉ ሴቶች በአደባባይ ፀጉራቸው ተላጨ። ሕዝብ እየሳቀ ተቀረጸ። ያ ቀረጻ ዛሬም በየዶክመንተሪው ይታያል። ጸሐፊው እኔን ቀጥታ ይጠይቀኛል። የእነዚያን ሴቶች ስም ፈልጌ ልጽፍ ነው ወይ? የልጅ ልጆቻቸው እንዲያነቡት? ያለ ስም መቅረት ለአንዳንድ ሰው የቀረለት ብቸኛ መጠለያ ነው ይላል። ግዴታ የሚለውን ቃል የጻፍኩት ተቀርጬ የተዋረድኩ ሰው ስላልሆንኩ እንደሆነም ይናገራል።

ይህን ሳነብ ኮምፒውተሩን ዘግቼ ተነሣሁ። መልስ አልነበረኝም።

13. አሥራ ሦስተኛው በእኔ ፈንታ ተቆጣ። የአሥራ ሁለተኛውን ጸሐፊ ለሳቂው ሕዝብ ጥብቅና ቆሟል ብሎ ከሰሰው። ስም ይደበቅ ከተባለ ላጪዎቹም ተደብቀው ይቀራሉ ባይ ነው። ሐሳቡ ከባድ ሐሳብ ነው። የተጠቀመባቸውን አንዳንድ ቃላት ግን እዚህ አልደግማቸውም። ሰውን ሳናዋርድ ስለ ውርደት መነጋገር አለብን።

14. የተከሰሰው ሰው ተመለሰ። አጭር ነው፣ ቃሉም የተቆረጠ ነው። ላጪዎቹ ፊታቸው ይታያል፣ የሚፈልግ ይፈልጋቸው ይላል። እሱ የሚናገረው ስለ ተላጩት እንደሆነና ሰው ሳያነብ እንዳይመልስ ይጠይቃል።

15. አስታራቂ መጣ። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት በ2014 ጉግልን በሚመለከት የሰጠውን ውሳኔ ያስታውሳል። አንድ ሰው በስሙ ሲፈለግ የሚመጣ የቆየ መረጃ ከፍለጋው ውጤት እንዲወጣለት መጠየቅ ይችላል። መረጃው ግን ከነበረበት ማኅደር አይጠፋም። ጸሐፊው ለቀረጻም እንዲህ ያለ መንገድ ይኑር ይላል። ስሙ ይታወቅ፣ ማኅደር ውስጥ ይመዝገብ፤ ፊልሙ ላይ ይውጣ አይውጣ የሚለው ግን ሰውየውን ወይም ቤተሰቡን ተጠይቆ ይወሰን። እኔ እዚህ ላይ ሐሳቤን አስተካክያለሁ። መፈለግ ግዴታ ነው ብዬ አሁንም አምናለሁ። ማውጣት ግን ግዴታ አይደለም።

16. አሥራ ስድስተኛው ወደ እኛው መለሰን። በ1984 የረሃብ ጊዜ አንድ የካናዳ ቴሌቪዥን ቡድን አንዲት ሕፃን ቀረጸ። ትሞታለች ተብሎ ነበር። ምስሏ በ1985 ላይቭ ኤይድ በተባለው ኮንሰርት ላይ ዓለም አየው። ልጅቱ ግን ተርፋ ነበር። ጋዜጠኛው ኋላ ተመልሶ አገኛት። ብርሃን ወልዱ ትባላለች። በ2005 ለንደን በተደረገው ሌላ ትልቅ ኮንሰርት መድረክ ላይ ቆማ ታየች። ጸሐፊው ለእሷ ደስ ብሎታል። ነገር ግን በዚያው ሰሞን ከመቀሌና ከኮረም በወጡት ቀረጻዎች ውስጥ ያሉትን ሌሎች ፊቶች ይጠይቃል። ያ ምስል በረሃብ ላይ የሚሠራ ፊልም በመጣ ቁጥር ይወጣል። ከእነዚያ ሰዎች ስንቱ ዛሬ በሕይወት እንዳለ፣ ራሱን አይቶ የሚያውቅ እንዳለ ማን ጠየቀ? ለዚህ መልስ ብዙ ሰው ዝም ብሎ የልብ ምልክት ብቻ ነው ያስቀመጠው። እኔም እንደዚያው አደረግኩ።

17 እና 18. እንደገና ከመንገድ ወጣን፣ ግን ጥሩ መውጣት ነው። አሥራ ሰባተኛው በ2018 ስለወጣው የአንደኛው የዓለም ጦርነት ዶክመንተሪ ይናገራል። የድሮው ካሜራ በእጅ የሚሽከረከር ስለነበር በሰከንድ የሚቀርጸው ፍሬም (ነጠላ ምስል) ከዛሬው ያነሰ ነው። በዛሬ ፍጥነት ሲታይ ሰው ሁሉ የሚሮጥ፣ የሚንቀጠቀጥ ይመስላል። የዚህ ፊልም ሠሪዎች ፍጥነቱን አስተካከሉ፣ ቀለም ጨመሩ። ከንፈር አንባቢ ቀጥረው ወታደሮቹ ምን ይሉ እንደነበር አወቁ፣ በተዋንያን ድምፅም አስነገሩት። ጸሐፊው ለመጀመሪያ ጊዜ እንደ ሰው አየኋቸው ይላል። አሥራ ስምንተኛው በዚህ ተናደደ። የሌላ ሰው ድምፅ ተሰጥቷቸው፣ ዓይናቸው በግምት ተቀብቶ እንዴት ሰው ሆኑ ይላል። ስም ሳይሰጡ ድምፅ መስጠት ከባዱ ስርቆት ነው ባይ ነው። እኔ የመጀመሪያውን ስሜት እረዳለሁ። ፍጥነቱን ማስተካከል ሰውየው በእርግጥ ወደ ተራመደበት እርምጃ መመለስ ነው። ድምፁ ላይ ግን ከአሥራ ስምንተኛው ጋር ነኝ።

19. ይህ ደግሞ ተስፋ ሰጪ ነው። በ1938 አንድ አሜሪካዊ ፖላንድ ውስጥ አይሁዳውያን ይኖሩባት የነበረችውን ናሼልስክ የምትባል ከተማን በጉብኝት ላይ ሳለ ቀረጸ። ሦስት ደቂቃ ነው። የልጅ ልጁ በ2009 ፊልሙን ቁም ሳጥን ውስጥ አገኘው። ሊጠፋ ምንም አልቀረውም ነበር። በዋሽንግተን ያለው የሆሎኮስት (የአይሁዳውያን እልቂት) ሙዚየም አድሶ ድረ ገጹ ላይ አወጣው። አንዲት ሴት ስታየው ካሜራው ፊት የሚጋፋ የ13 ዓመት ልጅ አየች። አያቷ ነበር፣ በሕይወት ያለ። አያትየው ሲያየው ራሱን ብቻ አላወቀም፤ የሌሎችንም ስም መጥራት ጀመረ። በ2021 ከዚያች ሦስት ደቂቃ ብቻ አንድ ሙሉ ዶክመንተሪ ተሠራ። ምስሉ ይቆማል፣ ይመለሳል፣ ፊት በፊት ይለቀማል። የታወቁት ግን ከሚታዩት ጥቂቱ ናቸው። የጸሐፊው ምክር ቀላል ነው። ቀረጻን ሰው ማየት ከሚችልበት ቦታ አስቀምጡት፣ የሚያውቅ ሰው ያገኘዋል።

20. በማኅደር ሥራ ዕድሜያቸውን የጨረሱ አንድ አባት ናቸው። የሁሉንም መልስ አንብበው ነው የጻፉት፣ ይህም ያስታውቃል። ለስድስተኛዋ ሴት አባት እንደ ልጁ በሚመክርበት ቃል መከሯት። ለፊልሙ ሠሪ መጻፍ ብዙ አይጠቅምም፣ ለቤተ መዛግብቱ ጻፊ አሏት። በስም ዝርዝሩ መጨረሻ የቤተ መዛግብቱ ስም አለ። ምስሉ በስንተኛው ደቂቃና ሰከንድ እንደሚታይ ትጥቀስ። አባቷ በየትኛው ረድፍ እንደቆመ፣ ምን እንደለበሰ፣ የት ይሠራ እንደነበር ትጻፍ። ፎቶ ታያይዝ። ጥሩ ማኅደር እንዲህ ያለ ደብዳቤ ሲመጣለት ከመዝገቡ ጋር ያስቀምጠዋል። ካርዱ ላይ ባይጻፍ እንኳ ደብዳቤው ይኖራል። በሁለተኛው መልስ ስለ ካርድ የተጻፈው እውነት መሆኑንም አረጋገጡ። እሳቸውም በወጣትነታቸው ብዙ ስም አሳጥረው እንደጻፉ፣ አሁን እንደሚጸጽታቸው ገለጹ።

21. በአንድ መስመር እሳቸውን ያመሰገነ ነው። ከእኔም ጨምሩልኝ።

22. ስድስተኛዋ ሴት ተመለሰች። ደብዳቤውን ጽፋ ልትልክ ስትል ምስሉን ለታላቅ ወንድሟ አሳየችው። እሱ አባታቸውን ከእሷ በላይ ያስታውሳል። ደጋግሞ አየና አባታችን አይደለም አላት። አባታቸው ግራኝ ነበር። ሰውየው ግንባሩን የጠረገው በቀኙ ነው። ደግሞም አባታቸው በዚያ ዓመት እዚያ ፋብሪካ ገና አልገባም። እሷ አልተቀበለችውም። አሁን ግን እርግጠኛ አይደለችም።

ደብዳቤውን ልካዋለች። የአባቷን ስም ጽፋ፣ ከሥሩ የወንድሟንም ጥርጣሬ ጽፋለች። ሰውየው አባቷ ካልሆነ የሌላ ሰው አባት ነውና ቤተሰቡ እንዲገኝ ጠይቃለች። ማታ ማታ ግን አሁንም አራቷን ሰከንድ ታያለች።